ልምድና ፈተና በችሎት ፊት

ዘመኑን በማስተማር ያሳለፈ መምህር ለደረጃ ዕድገት የሚበቃው በአገልግሎቱ ነውን ወይስ በፈተና? በሕንድ አገር ይህ ጥያቄ ችሎቶችን ለብዙ ዓመታት አከራክሯል።

እ.ኤ.አ. በ2009 የወጣው የሕፃናት የመማር መብት ሕግ የመምህራን ዝቅተኛ የብቃት መመዘኛ እንዲወሰን አዘዘ። ብሔራዊው የመምህራን ትምህርት ምክር ቤትም በ2010 ባወጣው ማስታወቂያ ከአንደኛ እስከ ስምንተኛ ክፍል ለሚያስተምሩ የብቃት ፈተናን ግዴታ ሲያደርግ፣ በቀድሞው ደንብ የተቀጠሩትን ከአዲሱ መመዘኛ ነጻ አደረገ። እንግዲህ የክርክሩ ሥር ይህ ነው፦ ነጻነቱ በሥራ ላይ ለመቆየት ብቻ ነውን ወይስ ለዕድገትም ያገለግላል?

የማድራስ ከፍተኛ ፍርድ ቤት በ2023 ነባሮቹ በሥራቸው ለመቆየት ፈተናው እንደማያስፈልጋቸው፣ ለዕድገት ግን የግድ መሆኑን ፈረደ። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2025 ከዚህ አልፎ፣ ለጡረታ ከአምስት ዓመት በላይ የቀራቸው በሁለት ዓመት ውስጥ ፈተናውን እንዲያልፉ፤ ከዚያ ያነሰ የቀራቸው ሳይፈተኑ እንዲቆዩ፣ ዕድገት ከሻቱ ግን እንዲፈተኑ ወሰነ።

ፍርዱ ሚዛኑን ወደ ሕፃኑ መብት አዘነበለ። ሆኖም ማስታወቂያው ስለ ዕድገት ገና ከመነሻው በግልጽ ተናግሮ ቢሆን ኖሮ፣ ያን ያህል መምህር የችሎት ደጅ ባልጠና ነበር።