ንፋስ ስልክ፦ ነፋስ በምን ይደውላል?

መታወቂያችን ላይ ተጽፏል። የታክሲ ረዳቱ ግማሹን በየማለዳው ይጮኸዋል። ንፋስ ስልክ ላፍቶ! አዲስ አበባ በ1995 ዓ.ም. በአሥር ክፍለ ከተሞች ስትዋቀር ሁለቱ ስሞች ተጋቡ። ላፍቶ በኦሮምኛ ግራር ነው፤ እሱ ግልጽ ነው። ንፋስ ስልክስ? ነፋስ ደግሞ በምን ይደውላል?

ነገሩን ለመረዳት ትንሽ ወደ ኋላ እንመለስ። ራስ መኮንን ከጣሊያን ጉዟቸው ሲመለሱ የስልክ መሣሪያ ይዘው መጡ። በአፄ ምኒልክ ቤተ መንግሥትና በግምጃ ቤቱ መካከል መስመር ተዘረጋ። አንዳንድ ካህናት ግን ሰው በሌለበት የሰው ድምፅ ሲሰማ «ይህ የሰይጣን ሥራ ነው» አሉ። ዛሬ ስንሰማው እንስቃለን። እስኪ ራሳችንን በእነሱ ቦታ እናስቀምጥ፤ ባለቤቱ በሌለበት ክፍል ውስጥ የሚናገር ድምፅ ከሌላ ዓለም ካልሆነ ከየት ይመጣል? ምኒልክ ግን አልተመለሱም። እ.ኤ.አ. በ1894 ሐረርን ከአዲስ አበባ የሚያገናኘው 477 ኪሎ ሜትር የስልክ መስመር ሥራ ተጀመረ።

ሽቦው ቢያንስ በዓይን ይታያል። ቀጥሎ የመጣው ጉድ ግን ሽቦም አልነበረውም። ከከተማው በስተደቡብ፣ ወደ አቃቂ በሚወስደው መንገድ በኩል የሬዲዮ ጣቢያ ተተከለ፤ ሰዉም «የነፋስ ስልክ» አለው። ሰፈሩም ስሙን ከዚያው ወረሰ። ስሙን ልብ በሉልን! ፈረንጆቹ «ሽቦ አልባ» ብለው የጎደለውን ነገሩን። የእኛዎቹ ግን ሽቦው ከሌለ ቃሉን ማን ተሸከመው ብለው ጠየቁ፤ ነፋስ ነው ብለውም መለሱ።

ሰሞኑን ስለ ትይዩ ዓለማት ስንከራከር ያስታወሰን ይኸው ስም ነው። እ.ኤ.አ. በ1957 አሜሪካዊው ሂው ኤቨረት፣ በኳንተም ፊዚክስ ሊሆን የሚችለው ሁሉ ይሆናል፣ ግን እያንዳንዱ በየራሱ የዓለም ቅርንጫፍ ላይ ነው የሚል ሐሳብ አቀረበ። ቅርንጫፎቹ አንዴ ከተለያዩ በኋላ አይነጋገሩም። እ.ኤ.አ. በ1991 ደግሞ ጆሴፍ ፖልቺንስኪ የተባለ ሳይንቲስት፣ የኳንተም ሕግ በተወሰነ መንገድ ቢቀየር ከአንዱ ቅርንጫፍ ወደ ሌላው መልእክት መላክ እንደሚቻል በስሌት አሳየ። ስሙንም «የኤቨረት ስልክ» አለው። አያቶቻችን ያልገባቸውን ነገር ስልክ ብለው እንደሰየሙት፣ እሱም ስልክ አለው! እስከ ዛሬ በተደረጉ ሙከራዎች ግን ሕጉ እንዲያ መሆኑን የሚያሳይ ምልክት አልተገኘም። የኤቨረት ስልክ አይጠራም።

የኛው የነፋስ ስልክ ግን ጠርቷል። መስከረም 1928 ዓ.ም. የጣሊያን ጦር በድንበር ተከማችቶ ሳለ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከአዲስ አበባ በሬዲዮ ለአሜሪካ ሕዝብ ተናገሩ። ድምፁ ባሕርና ውቅያኖስ ተሻግሮ ደረሰ፤ ተሰማ። በሳምንታት ውስጥ ወረራው ተጀመረ፤ ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. ጣሊያን አዲስ አበባ ገባ። ንጉሡ በሰኔ ወር ጄኔቭ ሄደው ለመንግሥታት ማኅበር በአካል ቆመው ተናገሩ፤ ያም ተሰማ። ዓለም ግን ሰምቶ ዝም አለ። በሁለት ዓለማት መካከል ቃል ማሻገር አንድ ነገር ነው፤ ከወዲያ በኩል የሚመልስ ሰው ማግኘት ሌላ ነው።

ተቃራኒውንም በእኛ ዘመን አይተናል። ግንቦት 1990 ዓ.ም. የኢትዮጵያና የኤርትራ ጦርነት ሲጀመር የሁለቱ አገሮች የስልክ መስመር ተቆረጠ። ያኔ እኛ ገና ሕፃናት ነበርን። አንድ ቋንቋ የሚናገሩ፣ አንድ ቡና የሚጠጡ፣ እርስ በርስ የተጋቡ ሰዎች በአንድ ድንበር ሁለት በኩል ሃያ ዓመት ኖሩ። ትይዩ ዓለም ማለት ይህ ካልሆነ ምን ሊሆን ነው? እናት የልጇን ድምፅ ለመስማት በሦስተኛ አገር ያለ ዘመድ ያስፈልጋት ነበር።

ሐምሌ 2010 ዓ.ም. መስመሩ ተከፈተ። ዘመድ ያለው ዘመዱ ጋ ደወለ። ዘመድ የሌለው ደግሞ የኤርትራን መለያ ቁጥር 291 ነክቶ ቀሪውን በግምት ሞላው። ከወዲያ የማያውቀው ሰው አነሳ። «ሄሎ… ከአዲስ አበባ ነው። ሰላም ልላችሁ ብዬ ነው።» ስንቱ እንዲህ ደወለ! ከወዲያም አልቀስ ያለ፣ የሳቀ፣ የመረቀ ነበር።

የፊዚክሱ ግድግዳ የተፈጥሮ ነው፤ ለእሱ ማንም አይጠየቅም። ይህኛውን ግን ሰው ቆረጠው፣ ሰው ቀጠለው። ስለዚህ ነገ ረዳቱ «ላፍቶ! ላፍቶ!» ሲል፣ እሱ የማይጠራውን ግማሽ ስም እናስታውስለት። ሰፈራችን የተሰየመው ቃል ማሻገር ይቻላል ብለው ባመኑ ሰዎች ነው። ነፋሱ የድርሻውን ተወጥቷል፤ ቀሪው ስልኩን የማንሳት ጉዳይ ነው።