ዐሥራ አምስት መስኮት ያለው ሥዕል

በአሶሳ አገር የሚኖሩ የበርታ ሰዎች ዋዛ የሚባል ከቅል የተሠራ ረዥም መለከት አላቸው። እያንዳንዱ ነፊ ከአንድ ድምፅ በቀር አያወጣም፤ ሁሉም ተራውን ጠብቆ በሰጠ ጊዜ ግን ድምፁ ተሰብስቦ አንድ ዜማ ይሆናል። አንዱን ነፊ ለብቻው የሰማ እንግዳ፥ ይህ ምን ዜማ ነው ብሎ ሊስቅ ይችላል። ስለ ቴዎ እሸቱ ሥራ አንዳንድ ሊቃውንት የሚናገሩት ነቀፋ ይህን እንግዳ ያሳስበኛል።

ቴዎ እሸቱ እ.ኤ.አ. በ1958 በሎንዶን ከኢትዮጵያዊ አባት ተወለደ። ያደገውም በአዲስ አበባ፥ በዳካር፥ በቤልግራድና በሮማ ነው። የታሪክ ጸሐፊው ተክለ ጻድቅ መኵሪያ አያቱ ናቸው። እርሱ ግን ብዕሩን ትቶ ሥዕልን፥ ሲኒማንና ትርኢትን በቪዲዮ የሚያዋሕድ ጥበበኛ ሆነ፤ እ.ኤ.አ. በ1997 ባወጣውም ፊልም የአገሩን ታሪክ ከእኒሁ ከአያቱ አፍ ይጠይቃል።

ከሥራዎቹ ሁሉ ለእኛ የሚቀርበው የአክሱም ሐውልት መመለስ የሚለው ነው። ሃያ አራት ሜትር የሚረዝመውን ሐውልት የፋሺስት መንግሥት በ1929 ዓ.ም. ወደ ሮማ አጋዘው። ኢጣልያ በ1939 ዓ.ም. በሰላሙ ውል፥ የወሰደችውን በ18 ወር ውስጥ ልትመልስ ተስማማች፤ ዐሥራ ስምንቱ ወር ግን 58 ዓመት ሆነ! በ1997 ዓ.ም. በሚያዝያ ወር ከሦስት ተከፍሎ በአውሮፕላን አክሱም ገባ፤ ነሐሴ 29 ቀን 2000 ዓ.ም. በቦታው ቆሞ ተመረቀ።

ሐውልቱ በቆመባት በሮማ ያደገው ጥበበኛ እ.ኤ.አ. በ2009 ይህን ታሪክ በ15 ቴሌቪዥን ከፋፍሎ አቀረበው። አንባቢ ሆይ፥ ይህ የፈረንጅ ፈሊጥ ነው አትበል። ንግሥተ ሳባ ወደ ሰሎሞን የሄደችበትን ታሪክ በትንንሽ ክፍሎች፥ ብዙ ጊዜም በ44፥ ተራ በተራ የሚያሳየውን የጨርቅ ሥዕል የማያውቅ ማን ነው? ቴዎ እሸቱ አብነት ያደረገው ይህንኑ ነው። እርሱም ቢሆን እኛ እንደምናስበው ጥንታዊ አይደለም፤ የቤተ ክርስቲያን ግድግዳ የሚሥሉ ሰዎች በ20ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ፥ ለውጭ አገር ሰዎች እየሸጡ በአዲስ አበባ ያስፋፉት ነው። በዘመኑ እርሱም አዲስ ነገር ነበረ።

ነገር ግን አንድ ቅሬታ አለኝ። የጨርቁ ሥዕል ተመልካቹን ይጠብቃል፤ የሳተውን ክፍል ተመልሶ ያየዋል። በ15ቱ መስኮት ፊት የቆመ ሰው ግን አንዱን ሲመለከት ዐሥራ አራቱ ያልፉታል። በግድግዳው ሥዕል ፊት መምህሩ በመቋሚያው እየጠቈመ ይህ እገሌ ነው፥ ይህም እገሊት ናት ይላል፤ በዚህኛው ፊት የሚጠቍም የለም። ያም ሆኖ ከሦስት ተከፍሎ የተመለሰውን ደንጊያ ነገር በአንድ መስኮት ብቻ ንገረን ቢሉት፥ በምን አኳኋን ይነግረን እንደ ነበር አላውቅም።