የዶሮ ደረት በጣፋጭና በሚያቃጥል ስጎ፦ ታካሚ ባለበት ቤት እንዴት ይዘጋጅ?

የዶሮ ደረት፣ በእኛ የብልት አወጣጥ ፈረሰኛ የምንለው ክፍል፣ ቆዳው ከተነሣ ስቡ ትንሽ፣ ፕሮቲኑ ብዙ የሆነ ሥጋ ነው። በዚህ ምክንያት የስኳር፣ የደም ግፊት ወይም የልብ ሕመም ያለበት ሰው ቀይ ሥጋና ቅባት እንዲቀንስ ሲመከር ብዙ ጊዜ በምትኩ የሚመረጠው እርሱ ነው። በማርና በበርበሬ ስጎ ተለውሶ በኦቨን ሲጋገር ደግሞ ቤተሰቡ ሁሉ የሚወደው ምግብ ይሆናል።

ሆኖም ሥጋው ለጤና ተስማሚ ስለሆነ ብቻ የሚቀርበው ምግብ ተስማሚ ነው ማለት አይደለም። በዚህ ምግብ ላይ ሁለት ጥንቃቄዎች ያስፈልጋሉ። አንደኛው ስጎው ውስጥ የሚገባው ስኳርና ጨው ነው። ሁለተኛው ሥጋው እስከ ውስጥ ድረስ መብሰሉ ነው። ሁለቱን ካስተካከልን ለታካሚው ሌላ ድስት መጣድ ሳያስፈልግ ቤተሰቡ አንድ ማዕድ ላይ መብላት ይችላል።

ሥጋው ምን ይዟል?

ያለ ቆዳ የበሰለ 100 ግራም የዶሮ ደረት ወደ 165 ኪሎ ካሎሪ፣ 31 ግራም ፕሮቲንና ከ4 ግራም ያነሰ ስብ አለው። ስኳር የለውም፤ በተፈጥሮው ያለው ሶዲየምም ትንሽ ነው። ይህ መጠን በስፋትም በውፍረትም የአንድ ሰው መዳፍ ያህላል፤ ለአብዛኛው ሰው ለአንድ ማዕድ በቂ ነው።

አንዳንድ የታሸጉ ዶሮዎች ግን ሥጋው እንዲለሰልስ የጨው ውሃ ይወጋባቸዋል። በተለይ በውጭ አገር የምትኖሩ፣ ከመግዛታችሁ በፊት ማሸጊያው ላይ የተጻፈውን የሶዲየም መጠን ተመልከቱ።

ስኳሩና ጨው ያለው ስጎው ላይ ነው

የተለመደው አሠራር ለ4 ሰው 4 የሾርባ ማንኪያ ማርና 4 የሾርባ ማንኪያ ሶያ ሶስ ይጠቀማል። አንድ የሾርባ ማንኪያ ማር ወደ 17 ግራም ስኳር፣ አንድ የሾርባ ማንኪያ ሶያ ሶስ ደግሞ ወደ 900 ሚሊ ግራም ሶዲየም አለው። ይህ ለ4 ሲካፈል እያንዳንዱ ሰው ከስጎው ብቻ 17 ግራም ስኳርና 900 ሚሊ ግራም ሶዲየም ያገኛል ማለት ነው።

የዓለም ጤና ድርጅት አዋቂ ሰው በቀን ከ2,000 ሚሊ ግራም ያነሰ ሶዲየም እንዲወስድ ይመክራል። ይህም ከ5 ግራም ያነሰ፣ አንድ የሻይ ማንኪያ የማይሞላ ጨው ነው። ስለዚህ ይህ አንድ ማዕድ የቀኑን ግማሽ ሊጠጋ ነው፤ እንጀራው፣ ዳቦውና ወጡ ገና አልተቆጠሩም። ካቻፕና የታሸጉ የሚያቃጥሉ ስጎዎችም ስኳርና ጨው ስላለባቸው ከሂሳቡ መግባት አለባቸው።

«ማር ተፈጥሯዊ ስለሆነ አይጎዳም» ይባላል፤ እውነት ነው?

አይደለም። ማር በአብዛኛው ግሉኮስና ፍሩክቶስ ነው፤ ሁለቱም የስኳር ዓይነቶች ናቸው። ንጹሕ የጫካ ማር ቢሆንም የደም ስኳርን ከፍ ያደርጋል። የዓለም ጤና ድርጅትም በቀን መወሰድ ያለበትን የስኳር ልክ ሲያስቀምጥ ማርን አብሮ ይቆጥራል። የስኳር ሕመም ያለበት ሰው ጨርሶ አይቅመስ ለማለት አይደለም፤ መጠኑ ይለካ ለማለት ነው። ከታች ባለው አሠራር ለአንድ ሰው የሚደርሰው የማር ስኳር 4 ግራም ያህል ነው።

የሚያስፈልጉ ነገሮች (ለ4 ሰው)

- ቆዳው የተነሣ 4 የዶሮ ደረት፣ እያንዳንዱ 150 ግራም ያህል
- 1 የሾርባ ማንኪያ ማር
- 1 የሾርባ ማንኪያ ጨው የሌለበት የቲማቲም ድልህ
- 3 የሾርባ ማንኪያ የሎሚ ጭማቂ
- 1 የሾርባ ማንኪያ የምግብ ዘይት
- 3 ፍሬ የተፈጨ ነጭ ሽንኩርት
- 1 የሻይ ማንኪያ የተፈጨ ዝንጅብል
- 1 የሻይ ማንኪያ በርበሬ
- ሩብ የሻይ ማንኪያ ጨው

በርበሬና ሚጥሚጣ ሲዘጋጁ አብዛኛውን ጊዜ ጨው ይገባባቸዋል። የእናንተም እንደዚያ ከሆነ ሩቡን የሻይ ማንኪያ ጨው ተዉት። የጨው መቀነስ ጣዕሙን እንዳያጎድለው ሎሚው፣ ነጭ ሽንኩርቱና ዝንጅብሉ ይረዳሉ።

በዚህ ልክ ሲሠራ አንድ ድርሻ ወደ 230 ኪሎ ካሎሪ፣ ከ30 ግራም በላይ ፕሮቲንና 5 ግራም ያህል ስኳር ይኖረዋል። ሶዲየሙ ወደ 220 ሚሊ ግራም ነው፤ በበርበሬው ውስጥ ያለው ጨው በዚህ ውስጥ አልተቆጠረም።

አዘገጃጀት

1. ኦቨኑን በ200 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ያሙቁ።
2. የደረት ሥጋ አንዱ ጫፉ ወፍራም፣ ሌላው ቀጭን ነው። እንዲሁ ከተጋገረ ቀጭኑ ሲደርቅ ወፍራሙ ጥሬ ይቀራል። ወፍራሙን ክፍል በንጹሕ ፕላስቲክ ሸፍነው ቀስ ብለው በመምታት ውፍረቱን ወደ 2 ሴንቲ ሜትር ያስተካክሉ።
3. ዘይቱን፣ ነጭ ሽንኩርቱን፣ ዝንጅብሉን፣ በርበሬውን፣ ጨውንና 1 የሾርባ ማንኪያ ሎሚ ቀላቅለው ሥጋውን ይሹበት። ለማቆየት ከፈለጉ ከድነው ፍሪጅ ውስጥ ያስቀምጡ፤ ውጭ አያቆዩት።
4. በሌላ ትንሽ ድስት ማሩን፣ ድልሁን፣ የቀረውን ሎሚና 3 የሾርባ ማንኪያ ውሃ ለ3 ደቂቃ በቀስታ ያፍሉ። ይህ ስጎ ጥሬ ሥጋ እንዳይነካው።
5. ሥጋውን በመጋገሪያ ሳህን ላይ ደርድረው ለ15 ደቂቃ ይጋግሩ።
6. ያወጡትና ስጎውን በንጹሕ ማንኪያ ላዩ ላይ ያዳርሱ፤ ከዚያ ከ7 እስከ 10 ደቂቃ መልሰው ይጋግሩ።
7. መብሰሉን አረጋግጠው ከኦቨኑ ያውጡ፤ ለ5 ደቂቃ አሳርፈው ያቅርቡ።

ኦቨን ከሌለ በሰፊ መጥበሻ ክዳን ገጥመው፣ ትንሽ ውሃ ጨምረው በዝቅተኛ እሳት እያገላበጡ ማብሰል ይቻላል። የመብሰሉ መለኪያ ግን አይለወጥም።

ቀለሙ አያታልልዎት

ማር በኦቨን ሙቀት ቶሎ ይጠቁራል። በዚህ የተነሣ ላዩ ቡናማ ሆኖ እያብረቀረቀ ውስጡ ያልበሰለ ሊሆን ይችላል። ብዙ ሰው «የሚወጣው ውሃ ከጠራ በስሏል» ይላል፤ በርበሬ ያለበት ምግብ ላይ ግን ውሃው ስለሚቀላ ይህም ምልክት አይሠራም። ማሩ በመጨረሻ የሚገባበትም አንዱ ምክንያት ላዩ አርሮ ሥጋው ሳይበስል እንዳይወጣ ነው።

አስተማማኙ መንገድ የምግብ ቴርሞሜትር ነው። በወፍራሙ ክፍል መሐል ሲሰካ 74 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ መድረስ አለበት። ቴርሞሜትር ከሌለ ከሁሉ ወፍራም የሆነውን ቁራጭ መሐሉ ላይ ይሰንጥቁት። ሥጋው እስከ ውስጥ ነጭ ሆኖ በጭረት በጭረት መለያየት አለበት። ሮዝ ቀለም ወይም የሚያንሸራትት፣ ብርጭቆ የሚመስል ሥጋ ካዩ ወደ ኦቨኑ ይመልሱት።

ጥሬ ዶሮን ማጠብ

ዶሮን በሎሚና በጨው ደጋግሞ ማጠብ ከእናቶቻችን የተማርነው የንጽሕና ወግ ነው። እቤት የታረደ ዶሮ ላባው፣ ደሙና የሆድ ዕቃው መጽዳት ስላለበት ማጠቡ የግድ ነው። ተጠርቶ፣ ቆዳው ተነሥቶና ታሽጎ የተገዛ የደረት ሥጋ ግን መታጠብ አያስፈልገውም። ውሃው ጀርሞቹን ወደ መታጠቢያው፣ ወደ ዕቃዎቹና ለሰላጣ ወደተዘጋጀው አትክልት ይረጫቸዋል። ሎሚና ጨውም ሳልሞኔላንና ካምፒሎባክተርን አያስወግዱም፤ የሚገድላቸው በቂ ሙቀት ነው።

ማጠብ የግድ ከሆነ ከቧንቧ ሥር ሳይሆን በሰፊ ሳፋ፣ ሳይረጭ ይሁን። ሲጨርሱ ሳፋውን፣ መክተፊያውን፣ ቢላውንና መታጠቢያውን በሳሙናና በሙቅ ውሃ ካጠቡ በኋላ በውሃ በተበረዘ በረኪና ያጽዱ። እጅዎንም ቢያንስ ለ20 ሰከንድ በሳሙና ይታጠቡ። ጥሬ ዶሮ በተከተፈበት መክተፊያ ላይ ሳያጥቡ ቃሪያና ቲማቲም አይክተፉ።

እንደ ሕመሙ የሚደረግ ጥንቃቄ

የስኳር ሕመም፦ የሳህኑ ግማሽ እንደ ጎመን፣ ፎሶሊያ ወይም ሰላጣ ያለ አትክልት ይሁን፤ ሩቡ ዶሮ፣ ቀሪው ሩብ እንጀራ፣ ሩዝ ወይም ድንች ይሁን። ኢንሱሊን ወይም ግሊቤንክላማይድ የሚወስድ ሰው ስኳሬን ልቀንስ ብሎ እንጀራውን ትቶ ሥጋውን ብቻ ቢበላ ስኳሩ ከልክ በታች ሊወርድ ይችላል። ላብ፣ መንቀጥቀጥ፣ የልብ ምት መፍጠንና ግራ መጋባት ከታየ ወዲያው ከ3 እስከ 4 የሻይ ማንኪያ ስኳር በውሃ በጥብጦ ወይም አንድ የሾርባ ማንኪያ ማር መስጠት ያስፈልጋል። ከ15 ደቂቃ በኋላ ካልተሻለው ይደገም። ራሱን ለሳተ ሰው ግን በአፉ ምንም አይሰጥም፤ በፍጥነት ወደ ጤና ተቋም ይወሰድ።

የደም ግፊትና የልብ ድካም፦ ሶያ ሶስና የታሸገ የሾርባ ቅመም አይጨምሩ። «የግፊት ጨው» ተብለው የሚሸጡ አንዳንድ የጨው ምትኮች ፖታሲየም አለባቸው። ኢናላፕሪል ወይም ስፓይሮኖላክቶን ለሚወስድ፣ እንዲሁም ኩላሊቱ ለደከመ ሰው ፖታሲየሙ ከልክ አልፎ የልብ ምትን ሊያዛባ ስለሚችል ሐኪም ሳያማክሩ አይጠቀሙበት።

የኩላሊት ሕመም፦ በቀን የሚፈቀደው ፕሮቲን እንደ ሕመሙ ደረጃና ዳያሊሲስ በመጀመር አለመጀመር ይለያያል። ድርሻዎን ከሐኪምዎ ጋር ይወስኑ። የቲማቲም ድልህ ፖታሲየም ስላለው ፖታሲየም እንዲቀንስ የተነገረው ሰው ይተወው።

የጨጓራ ሕመምና ቃር፦ የጨጓራ ቁስለት ዋና መንሥኤዎች ኤች ፓይሎሪ የተባለው ባክቴሪያና እንደ ዳይክሎፌናክ ያሉ የሕመም ማስታገሻዎች ናቸው እንጂ በርበሬ አይደለም። ሆኖም በርበሬ፣ ሎሚና ቲማቲም ማቃጠሉን ሊያባብሱ ይችላሉ። ለዚህ ሰው አንዱን ቁራጭ በእርድና በዝንጅብል ብቻ ለይተው ይጋግሩለት። እራትም ከመተኛቱ ከ2 እስከ 3 ሰዓት አስቀድሞ ይብላ።

ሕፃናት፦ ዕድሜው ከ1 ዓመት በታች ለሆነ ሕፃን ማር ያለበትን ይህን ምግብ ወይም ስጎውን አይስጡ። በማር ውስጥ ሊኖር የሚችለው የቦቱሊዝም ጀርም ዘር በኦቨን ሙቀት አይጠፋም፤ በሕፃኑ አንጀት ውስጥ አድጎ ጡንቻን የሚያዝል ከባድ ሕመም ሊያስከትል ይችላል።

ነፍሰ ጡሮች፣ አረጋውያን፣ ካንሰር ታካሚዎችና የመከላከል አቅማቸው የተዳከመ ሰዎች፦ ምግቡ ይስማማቸዋል፤ ነገር ግን በደንብ ያልበሰለ ዶሮ ከሌላው ሰው ይልቅ እነርሱን ይጎዳል።

የተረፈውን ማቆየት

የተረፈው በ2 ሰዓት ውስጥ ፍሪጅ መግባት አለበት። እዚያም ከ3 እስከ 4 ቀን ይቆያል። ሲበላ እስኪፋጅ ድረስ ይሙቅ። መብራት ከጠፋ በሩ ሳይከፈት የቆየ ፍሪጅ ቅዝቃዜውን ለ4 ሰዓት ያህል ይይዛል፤ ከዚያ በላይ ከቆየ የዶሮውን ሥጋ ይጣሉት። ሽታው ስላልተለወጠ ደህና ነው ማለት አይቻልም። በረዶ የሆነ ዶሮም ሌሊቱን በፍሪጁ የታችኛው መደርደሪያ ላይ ይቅለጥ እንጂ ወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ አይደር።

ሐኪም ዘንድ መቼ መሄድ ያስፈልጋል?

ከዶሮ የሚመጣ የምግብ መመረዝ ሁልጊዜ በዚያው ቀን አይጀምርም። ሳልሞኔላ ከ6 ሰዓት እስከ 6 ቀን፣ ካምፒሎባክተር ከ2 እስከ 5 ቀን ሊቆይ ይችላል። አብዛኛው ሰው በዕረፍትና በኦአርኤስ ይድናል። የሚከተሉት ከታዩ ግን ሳይዘገዩ ወደ ጤና ተቋም ይሂዱ፦

- ደም የተቀላቀለበት ተቅማጥ
- ወደ 39 ዲግሪ ወይም ከዚያ በላይ የደረሰ ትኩሳት
- ውሃ እንኳ የማያስቀር ትውከት
- ከ3 ቀን በላይ የቆየ ተቅማጥ
- የሽንት መቀነስ፣ የአፍ መድረቅ ወይም ሲነሡ ማዞር
- ተቅማጡ ካለፈ ከቀናት ወይም ከሳምንታት በኋላ የእግር መዛል

ሕፃናት፣ አረጋውያን፣ ነፍሰ ጡሮችና የስኳር ታካሚዎች እነዚህን ምልክቶች ሳይጠብቁ ቀድመው ይታዩ። ስኳር ያለበት ሰው ስላልበላ ብቻ ኢንሱሊኑን በራሱ አያቋርጥ፤ ሜትፎርሚን ወይም የሚያሸና የግፊት መድኃኒት የሚወስድም ትውከትና ተቅማጥ ሲበረታ መድኃኒቱን እንዴት እንደሚወስድ ሐኪሙን ይጠይቅ። ከመድኃኒት ቤት በራስ ውሳኔ አንቲባዮቲክ መግዛት አይመከርም፤ ደም ላለበት ተቅማጥ ደግሞ ተቅማጥ የሚያቆም እንክብል መውሰድ ሕመሙን ሊያባብስ ይችላል።