የአምፖል ሁለት ዋጋ፦ የቤት መብራት ታሪክ በደቡብ አዲስ አበባ

ለቤት የሚገዛ መብራት ሁሉ፣ ኩራዝም ይሁን አምፖል፣ ሁለት ዋጋ አለው፤ አንደኛው በሱቅ በአንድ ጊዜ ተከፍሎ የሚያልቀው የዕቃው ዋጋ ሲሆን፣ ሁለተኛው መብራቱ በበራ ቁጥር በላምባ ወይም በኤሌክትሪክ ሒሳብ መልክ እየተከፈለ የሚቀጥለው የፍጆታ ዋጋ ነው። ዛሬ ንፋስ ስልክ ላፍቶ ክፍለ ከተማ በሚባለው አካባቢ፣ ከጎፋና ከመካኒሳ እስከ ለቡና ጀሞ ባሉት ሰፈሮች፣ ቤተሰቦች በየዘመኑ ምን ዓይነት መብራት እንደመረጡ ለመረዳት የሚሻ ሰው የቴክኖሎጂውን እድገት ብቻ ቢከተል ብዙ ነገር ያመልጠዋል። ከሁለቱ ዋጋዎች የትኛውን ማን ይከፍል እንደነበር ሲመረመር ግን ምርጫው ግልጽ ይሆናል፤ በቅርቡ ገበያ የገባው ስማርት አምፖል፣ ማለትም በስልክ ወይም በድምፅ ትእዛዝ የሚበራውና የሚጠፋው አምፖል፣ የሚመዘነውም በዚሁ ሚዛን ነው።

በጣሊያን ወረራ ዋዜማ አካባቢው በከተማዋ ደቡባዊ ጠርዝ ያለ የእርሻና የግጦሽ ሜዳ ነበር፤ ንፋስ ስልክ ለሚለው ስም መነሻ የሆነው የሽቦ አልባ ቴሌግራፍ ጣቢያ፣ ማለትም መልእክትን ያለ ሽቦ በሬዲዮ ሞገድ የሚያስተላልፈው ተቋም፣ የተተከለው ዛሬ የሚታዩት አብዛኞቹ ቤቶች ከመሠራታቸው በፊት ነው። በዚያን ጊዜ የገበሬው ቤት ሲመሽ የሚበራው በምድጃው እሳትና በኩራዝ ነበር። ኩራዝ ከባዶ ጣሳ የሚሠራ፣ በክዳኑ ላይ በቆመው ቀጭን ቱቦ ውስጥ የገባው የጨርቅ ወይም የጥጥ ክር ላምባውን እየመጠጠ የሚነድበት መብራት ሲሆን፣ ክሩ ረዘም ሲል ጭሱ ይበዛል፣ አጠር ሲል ብርሃኑ ይደክማል፤ ስለዚህ የቤቱ ሴት ወይም አጥኚው ልጅ በየጊዜው በመርፌ ወይም በእንጨት ስንጥር ክሩን ማስተካከል ነበረበት። ዕቃው ራሱ ከምንም የማይቆጠር ዋጋ ያወጣ ነበር፤ ከባዱ ዋጋ በጠርሙስ እየተለካ የሚገዛው ላምባ ስለነበር ቤተሰቡ የሚቆጥበው ብርሃኑን ነበር፤ እራት ተበልቶ፣ ዕቃ ተነሥቶ፣ ኩራዙ እፍ ይባላል። መስታወት ያለው ፋኖስ የተሻለ ብርሃን ቢሰጥም ዕቃው ራሱ ጠቀም ያለ ገንዘብ ስለሚጠይቅ በእንግዳ ፊትና በበዓል ቀን የሚበራበት ቤት ብዙ ነበር።

ኤሌክትሪክ ወደ አዲስ አበባ የገባው በ19ኛው ክፍለ ዘመን ማብቂያ የዳግማዊ ምኒልክን ቤተ መንግሥት ለማብራት በተተከለ ጄኔሬተር ነው። ከዚያም በ1904 ዓ.ም. ገደማ በአቃቂ ወንዝ ላይ አነስተኛ የውኃ ኃይል ማመንጫ ተሠራ፤ ቀጥሎም በዚያው ወንዝ ላይ 6.6 ሜጋ ዋት የማመንጨት አቅም የነበረው የአባ ሳሙኤል ግድብ ተገነባ። እዚህ ላይ ሊተኮርበት የሚገባ ጉዳይ አለ። ኃይሉ የሚመነጨው ከከተማዋ በስተደቡብ ሆኖ ሳለ፣ ሽቦው በመጀመሪያ የተዘረጋው ወደ ቤተ መንግሥቱ፣ ወደ ዋና ዋና መንገዶችና ወደ ፋብሪካዎች ስለነበር፣ ለወንዙ ቅርብ የሆኑት የደቡብ መንደሮች ለብርሃኑ ሩቅ ሆነው ብዙ ዘመን ቆይተዋል። በ1948 ዓ.ም. የኢትዮጵያ መብራትና ኃይል ባለሥልጣን፣ ሕዝቡ እስከ ዛሬ በአጭሩ መብራት ኃይል የሚለው ተቋም፣ ሲቋቋምና በ1952 ዓ.ም. ከጣሊያን በተገኘ የጦርነት ካሣ የተሠራው የቆቃ ማመንጫ 43 ሜጋ ዋት ያህል ሲጨምር ነው ኤሌክትሪክ ከመኳንንትና ከነጋዴ ቤት አልፎ ወደ ሠራተኛው ቤት የመግባት ዕድል ያገኘው፤ ከደብረ ዘይት መንገድ ግራና ቀኝ የተስፋፉት ፋብሪካዎችም የሠራተኛ መንደሮችን ወደ ደቡብ ስበዋል።

ይሁንና ሽቦው ሰፈር መድረሱና ቆጣሪ ቤት መግባቱ የተለያዩ ነገሮች ነበሩ። ቆጣሪ፣ ማለትም ቤቱ የተጠቀመውን ኃይል በኪሎ ዋት ሰዓት የሚለካው መሣሪያ፣ በአንድ ግቢ አንድ ብቻ መሆኑ የተለመደ ሲሆን፣ በ1967 ዓ.ም. የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት በአዋጅ የመንግሥት ከሆነ በኋላ በአንድ ግቢ ውስጥ የተጠጋጉት የቀበሌ ቤቶች የጋራ ቆጣሪን የብዙ ሺህ ቤተሰቦች የኑሮ ሁኔታ አደረጉት። የጋራ ቆጣሪ የራሱን ሕግ ወለደ። ሒሳቡ በነፍስ ወከፍ ወይም በቤት ቁጥር፣ ብዙ ጊዜም በአምፖል ቁጥር ይካፈላል፤ አንድ አምፖል ያለው አንድ ድርሻ፣ ሁለት ያለው ሁለት ድርሻ ይከፍላል፤ ካውያና ምድጃ የሚጠቀም ተጨማሪ ይጠየቃል ወይም ጨርሶ ይከለከላል። በግል ቤት የሚከራይ ሰው ዘንድም ደንቡ ተመሳሳይ ነበር፤ ዛሬም ቢሆን በላፍቶና በመካኒሳ ሰርቪስ ቤቶች የሚኖር ተከራይ በስንት ሰዓት መብራት ማጥፋት እንዳለበት ከአከራዩ ይነገረዋል። የአምፖል ቁጥር እንጂ የዋቱ መጠን ስለማይቆጠር፣ ድርሻውን አስቀድሞ የከፈለው ጎረቤት 100 ዋት አምፖል ቢያስገባ ትርፉ የእርሱ፣ ጉዳቱ የሁሉም ይሆናል፤ ስለዚህ ጠብ የማያጣው ግቢ ብዙ ነበር። በሌላ በኩል ቆጣቢ አምፖል የሚገዛ ሰው የዕቃውን ዋጋ ብቻውን ይከፍላል፣ ከሒሳቡ የሚቀንሰው ግን ለግቢው ሁሉ ይከፋፈላል። ድሃው ቤተሰብ ርካሹን አምፖል መምረጡ በአላዋቂነት ሲተረጎም ቆይቷል፤ ይህ ትርጓሜ ፍትሐዊ አይደለም፤ ቤተሰቡ የሠራው ስሌት በነበረበት ሁኔታ ትክክለኛ ስሌት ነበር።

ርካሹ አምፖል በውስጡ ያለው ቀጭን የተንግስተን ሽቦ በኤሌክትሪክ ግሎ የሚያበራ ሲሆን፣ ከሚጠቀመው ኃይል ወደ ብርሃን የሚለወጠው ከመቶ 5 እጅ ገደማ ብቻ ነው፤ ቀሪው ሙቀት ሆኖ ይባክናል፤ ዕድሜውም 1,000 ሰዓት ያህል ነው። ብክነቱ እንዲህ ግልጽ ሆኖ ሳለ ያልተጣለበት ሁለተኛው ምክንያት ታሪፉ ነው። እስከ ታኅሣሥ 2011 ዓ.ም. በነበረው ታሪፍ የመጀመሪያዎቹ 50 ኪሎ ዋት ሰዓቶች እያንዳንዳቸው 27 ሳንቲም ገደማ ይከፈልባቸው ነበር። 60 ዋት አምፖል በየምሽቱ 5 ሰዓት ቢበራ በወር 9 ኪሎ ዋት ሰዓት ይፈጃል፤ ዋጋውም 2 ብር ከ50 ሳንቲም አይሞላም። በዚህ ቦታ 11 ዋት ቆጣቢ አምፖል ቢገባ ወርኃዊው ቁጠባ 2 ብር ያህል ነው፤ ለዚህ ሲባል ከተራው አምፖል ዋጋ ብዙ እጥፍ ማውጣት ማንኛዋም አስተዋይ የቤት እመቤት አይዋጥላትም። ችግሩ የሚታየው ከግለሰቡ ኪስ ሳይሆን ከአገሪቱ ማመንጫዎች አንጻር ነበር፤ ምክንያቱም በከተማው ያለው አምፖል ሁሉ የሚበራው በተመሳሳይ የምሽት ሰዓት ነው።

በ2001 ዓ.ም. የግድቦች ውኃ ቀንሶ ከተማዋ በፈረቃ መብራት ስታገኝ፣ መንግሥት በውድ ዋጋ በናፍጣ ጄኔሬተር ኃይል ከማመንጨት ጎን ለጎን ከዓለም ባንክ በተገኘ ድጋፍ የቆጣቢ አምፖል ስርጭት ጀመረ። ቆጣቢ አምፖል የተባለው በተጠማዘዘ የመስታወት ቱቦ ውስጥ ባለ ጋዝና ጥቂት ሜርኩሪ አማካይነት የሚያበራው ሲሆን፣ ደንበኛው አሮጌውን አምፖል አስረክቦ አዲሱን ይወስድ ነበር። በመጀመሪያው ዙር 350 ሺህ ያህል አምፖሎች ተሰራጭተዋል፤ በኋላም ቁጥሩ ወደ ሚሊዮኖች አድጓል። የዚህ እርምጃ ብልሃት የሚደነቅ ነው፤ የዕቃውን ዋጋ መንግሥት ራሱ በመሸከሙ፣ ቤተሰቡን ለብዙ ዓመት ከቆጣቢው አምፖል ያራቀው አጥር በአንድ ጊዜ ፈረሰ። ሰውም ነጩን ብርሃን ለመደ፤ ቢጫው የአሮጌ ቤት ምልክት ሆኖ ቀረ፤ ዛሬም በአዲስ አበባ ሱቆች 6,500 ኬልቪን የሚባለው ደማቅ ነጭ የሚበዛው ከዚህ ልማድ የተነሣ ሳይሆን አይቀርም።

ቀጣዩን ለውጥ ያመጡት የኮንዶሚኒየም መንደሮች ናቸው። በ1990ዎቹ መጨረሻ የተጀመረው የጋራ መኖሪያ ቤቶች ግንባታ በጀሞ፣ በላፍቶ፣ በጎፋና በጎተራ ሲስፋፋ፣ ከጋራ ቆጣሪ ግቢ የወጣ ቤተሰብ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ የራሱን ቆጣሪ አገኘ፤ በብዙዎቹ ቤቶች የተገጠመው ደግሞ አስቀድሞ በካርድ የሚሞላው ስለነበር ቀሪው ኪሎ ዋት ሰዓት በቁጥር እየቀነሰ በዓይን ይታያል። ሁለቱም ዋጋዎች በአንድ ሰው እጅ ሲገቡ ምርጫው ተለወጠ። በዚሁ ጊዜ ኤልኢዲ፣ ማለትም ኤሌክትሪክ ሲያልፍበት ብርሃን የሚሰጥ ጥቃቅን ቁስ፣ በዓለም ገበያ እየረከሰ መጣ፤ የነጭ ኤልኢዲ መሠረት የሆነው ሰማያዊው ኤልኢዲ ለፈጣሪዎቹ ለአካሳኪ፣ ለአማኖና ለናካሙራ እ.ኤ.አ. በ2014 የፊዚክስ የኖቤል ሽልማት አስገኝቷል። 9 ዋት ኤልኢዲ የ60 ዋቱን ተራ አምፖል ያህል ያበራል። በ2011 ዓ.ም. የወጣው ታሪፍ የመጀመሪያዎቹን 50 ኪሎ ዋት ሰዓቶች ዋጋ ሳይነካ ከ500 በላይ ለሚጠቀመው በአራት ዓመት ውስጥ ወደ 2 ብር ከ48 ሳንቲም ሲያደርሰው፣ ከመስከረም 2017 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ ዋጋው በየሩብ ዓመቱ እንዲጨምር ሲወሰን፣ የ27 ሳንቲሙ ስሌት ዘመኑ አበቃ።

ስማርት አምፖል የገባው በዚህ መካከል ነው። በገበያው ግን በዚህ ስም ሁለት የተለያዩ ዕቃዎች ይሸጣሉ፤ ገዢው አስቀድሞ መለየት ይኖርበታል። አንደኛው በውስጡ ባትሪ ያለውና መብራት ሲሄድ ለጥቂት ሰዓት ማብራቱን የሚቀጥለው ነው፤ ለመብራት መቆራረጥ መልስ የሚሰጠው ይህኛው ሲሆን ስልክም ኢንተርኔትም አይጠይቅም፤ ባትሪው እያረጀ ሲሄድ ግን ተራ ኤልኢዲ ሆኖ ይቀራል። ሁለተኛው በስልክ ወይም በድምፅ፣ ብዙ ጊዜም በዋይፋይ አማካይነት የሚታዘዘው ነው። ይህኛው የሚሠራው በአብዛኛው በ2.4 ጊጋ ኸርዝ ሞገድ ስለሆነ ራውተሩ በዚህ ሞገድ መሥራት ይኖርበታል፤ በዋይፋይ ፈንታ ዚግቢ በሚባለው ሌላ የገመድ አልባ ሥርዓት የሚሠራ ከሆነ ደግሞ አምፖሎቹንና ኔትወርኩን የሚያገናኝ ተጨማሪ ዕቃ ያስፈልገዋል፤ ይህም በቁጠባ ለሚገዛ ሰው አይመከርም። ትእዛዝ ለመጠበቅ በጠፋበት ሰዓትም ጥቂት ኃይል ይጠቀማል፤ መጠኑ ግማሽ ዋት ቢሆን፣ በቀን 19 ሰዓት ጠፍቶ የሚውል 9 ዋት አምፖል ለብርሃኑ ከሚፈጀው አንድ አምስተኛ ያህሉን ለመጠባበቂያው ብቻ ይፈጃል። ስለዚህ ተራውን ኤልኢዲ በስማርት መለወጥ በራሱ ሒሳብ አይቀንስም፤ የሚቀንሰው ሲነጋ ሳይጠፉ የሚውሉትን የበርና የደረጃ መብራቶች በሰዓት እንዲጠፉ ሲያደርግ ነው።

ለአካባቢው ኑሮ የበለጠ የሚከብደው ሌላ ጉዳይ ነው። ብዙዎቹ በስልክ የሚታዘዙ አምፖሎች መብራት ሄዶ ሲመጣ በራሳቸው እንዲበሩ ተደርገው ስለተሠሩ፣ መብራቱ ሌሊት ቢመጣ ቤቱ ሁሉ ይበራል፤ ስለዚህ ገዢው አምፖሉ መብራት ከመሄዱ በፊት የነበረበትን ሁኔታ የሚያስታውስ መሆኑን መጠየቅ ይገባዋል። ማብሪያ ማጥፊያው ግድግዳው ላይ ከጠፋ ስልኩ ምንም ማድረግ አይችልም፤ ለልጆችና ለአረጋውያንም ይህ አስቀድሞ መነገር አለበት። ፖርታ ላምፓዳው፣ ማለትም አምፖሉ የሚገባበት መያዣ፣ ተጠምዝዞ የሚገባበት ነው ወይስ በሁለት ጉጦች የሚቆለፍበት የሚለውም ወደ ሱቅ ከመሄድ በፊት መታየት አለበት። በጀት ለጠበበበት ቤት የሚመቸው በየክፍሉ ተራ ኤልኢዲ፣ በሳሎን ወይም በኩሽና አንድ ባለባትሪ፣ ዋይፋይ ካለም ለውጭ በር አንድ ስማርት አምፖል ነው። በኪራይ ቤት ለሚኖረውም ይህ ምርጫ ይሠራል፤ የአምፖሉ ዋጋ የእርሱ ስለሆነ ቤት ሲለቅ አሮጌውን መልሶ ገጥሞ የራሱን ይዞ ይሄዳል፤ ሒሳቡ በአምፖል ቁጥር በሚካፈልበት ግቢ ግን 9 ዋቱን ከማስገባቱ በፊት ክፍያው በዋት እንዲሰላ ከአከራዩ ጋር መነጋገር ይኖርበታል።