ልጁን ሳያይ የሞተው አባት፦ የቅዱስ ፊሊፕ ሃዋርድ ሕይወት



በደቡብ እንግሊዝ በምትገኘው የአረንዴል ከተማ ካቴድራል ውስጥ የአንድ ባላባት አጽም በክብር አርፏል። ስለ ሰማዕታት ስናስብ ከልጅነታቸው ጀምሮ ለእግዚአብሔር የተለዩ ሰዎች ይታዩናል። የቅዱስ ፊሊፕ ሃዋርድ ታሪክ ግን የሚጀምረው በቤተ መንግሥት ድሎትና ሚስቱን በመበደል ነው።

ፊሊፕ እ.ኤ.አ. በ1557 በለንደን ተወለደ። አባቱ የኖርፎክ ዱክ ቶማስ ሃዋርድ ከአገሪቱ ታላላቅ መኳንንት አንዱ ነበር፤ የክርስትና አባቱም የስፔኑ ንጉሥ ዳግማዊ ፊሊፕ ነበር፤ ስሙንም ያገኘው ከእርሱ ነው። ይሁን እንጂ ሁለት ወር ሳይሞላው እናቱ ሞተች። በ1572 ደግሞ አባቱ በንግሥት ኤልሳቤጥ ላይ አሢረሃል ተብሎ በሰይፍ ሲቀጣ ልጁ ገና 14 ዓመቱ ነበር።

በካምብሪጅ ተምሮ ቤተ መንግሥት ከገባ በኋላ የንግሥቲቱን ሞገስ ለማግኘት ሲል ሀብቱን አለ ልክ በተነ። በልጅነቱ ያጋቡትን ሚስቱን አን ዴከርንም ችላ አላት።

በ1581 በለንደን ግንብ ታስሮ የነበረው የኢየሱሳውያን ማኅበር ካህን ኤድመንድ ካምፒየን ከፕሮቴስታንት ሊቃውንት ጋር ሲከራከር ፊሊፕ ተገኝቶ ሰማ። የሰማው ቃል በልቡ ቢተከልም ፍሬ እስኪያፈራ ሦስት ዓመት ፈጀ። ሚስቱ ቀድማው ወደ ካቶሊካዊት ቤተ ክርስቲያን ተመለሰች፤ ስለዚህም በንግሥቲቱ ትእዛዝ በሰው ቤት በግዞት ተቀመጠች። እርሱም በመስከረም 1584 ከቤተ ክርስቲያን ጋር ታረቀ፤ ከሚስቱም ጋር በአዲስ ፍቅር መኖር ጀመረ።

በአገሩ እምነቱን በነጻነት መኖር ስላልቻለ በሚያዝያ 1585 በመርከብ ሊሰደድ ተነሣ፤ ነገር ግን በባሕር ላይ ተይዞ በለንደን ግንብ ታሰረ። ያን ጊዜ ሚስቱ ነፍሰ ጡር ነበረች። ወንድ ልጁ ቶማስ በዚያው ዓመት በሐምሌ ሲወለድ አባቱ አላየውም።

10,000 ፓውንድ ተቀጣ። በ1589 ደግሞ ለስፔን የጦር መርከቦች ድል ጸልየሃል ተብሎ ሞት ተፈረደበት። ፍርዱ ሳይፈጸም፥ ሳይሻርም ቀረ፤ ስለዚህ እያንዳንዱን ማለዳ የመጨረሻው ሊሆን እንደሚችል እያሰበ ይቀበለው ነበር። በእስር ቤቱ ግድግዳ ላይ፥ በዚህ ዓለም ስለ ክርስቶስ የሚደርስ መከራ በሚመጣው ዓለም ክብርን እንደሚያበዛ የሚገልጽ ጽሑፍ በላቲን ቀረጸ። ከእስር በጻፈው ደብዳቤም ከኃጢአቶቹ ሁሉ አብልጦ የሚያሳዝነው ሚስቱን መበደሉ እንደሆነ ተናዘዘ።

ሊሞት ሲቃረብ ሚስቱንና ልጁን ለማየት ለመነ። አንድ ጊዜ ብቻ በፕሮቴስታንቶች ጸሎት ላይ ቢገኝ ቤተሰቡን ከማየት አልፎ ክብሩና ሀብቱ እንደሚመለስለት ንግሥቲቱ መልስ እንደላከችለት ይነገራል። እርሱ ግን እምቢ አለ። ከአሥር ዓመት በላይ ከታሰረ በኋላ ጥቅምት 19 ቀን 1595 በ38 ዓመቱ በግንቡ ውስጥ አረፈ።

ቤተሰቡን ስለማይወድ እምቢ አለ እንዳንል፥ ያ ደብዳቤ ምስክር ነው። ፍቅሩን ያገኘው ዘግይቶ ነበር፤ ካገኘው በኋላ ግን በሐሰት ሊገዛው አልፈለገም። ልጆቻችንን በአያት እጅ ትተን በስልክ ድምፃቸውን እየሰማን የምንኖር እኛ የዚህን ዋጋ በመጠኑ እናውቃለን። መለየት ፍቅርን አያጠፋም፤ የትናንት በደልም የይቅርታን በር አይዘጋም። ቅዱስ ፊሊፕ ከሩቅ ሆኖ ይቅርታ ጠየቀ፤ እኛም ዛሬ ማታ ልንደውልለት የሚገባ ሰው ይኖር ይሆናል።

በ1624 ሚስቱና ያላየው ልጁ ቶማስ አጽሙን ከግንቡ አውጥተው ወደ አረንዴል አመጡት። በ1970 ደግሞ ርእሰ ሊቃነ ጳጳሳት ጳውሎስ ስድስተኛ ከ40ዎቹ የእንግሊዝና የዌልስ ሰማዕታት ጋር ቅድስናውን አወጁ።

ቅዱስ ፊሊፕ ሃዋርድ ሆይ፥ ከቤተሰቦቻቸው ተለይተው ለሚኖሩ ሁሉ ለምንልን። አሜን።