ተከራካሪ ወገን ሲሞት የፍትሐብሔር ይግባኝ ምን ይሆናል?

በይግባኝ ላይ ያለ የፍትሐብሔር ክርክር ከተከራካሪዎቹ አንዱ በመሞቱ ብቻ አይቋረጥም። በክርክሩ የተነሣው መብት ወይም ግዴታ ወደ ወራሾች የሚተላለፍ እስከሆነ ድረስ ወራሾቹ በሟች እግር ተተክተው ክርክሩን ከደረሰበት ይቀጥላሉ። ሆኖም መዝገቡ በራሱ አይንቀሳቀስም፤ በሟች ምትክ ቀርቦ «ልተካ» የሚል ሰው ያስፈልጋል። ባለጉዳዮች በብዛት የሚጎዱት ይህን ባለማወቅ፣ በሐዘኑ ወራት ቀጠሮ በማሳለፍ ነው።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐብሔር ሕግ በቁጥር 826 እንደደነገገው፣ በሞት ምክንያት የሚቋረጡት ካልሆኑ በቀር የሟች መብትና ግዴታዎች ወደ ወራሾቹና የኑዛዜ ስጦታ ተቀባዮቹ ይተላለፋሉ። ስለዚህ የቤት ባለቤትነት፣ የብድር ገንዘብ ወይም የውል ክርክር ከሟች በኋላም ይቀጥላል። በሌላ በኩል የፍቺ ጥያቄ አይወረስም፤ ጋብቻው በሞት ፈርሷልና ለፍርድ ቤቱ የሚቀር ነገር የለም። የጋራ ንብረቱ ጉዳይ ግን ሌላ ነው፤ የሟች ድርሻ ለወራሾቹ ስለሚሆን በእርሱ ላይ መከራከር ይችላሉ። እንደዚሁም ሠራተኛ የነበረ ሰው ወደ ሥራ የመመለስ ጥያቄው ከእርሱ ጋር ቢያበቃም፣ በሕይወት ሳለ ያልተከፈለው ደመወዝ የወራሾቹ ነው።

ይግባኝ ባዩ ሲሞት ቤተሰቡ «ጠበቃ አለው» ብሎ መዘናጋት የለበትም። በፍትሐብሔር ሕግ ቁጥር 2232 መሠረት፣ ተቃራኒ ስምምነት ከሌለ በቀር የውክልና ሥልጣን በወካዩ ሞት ይቀራል። በመሆኑም ከወራሾች አንዱ በቅርቡ ቀጠሮ ችሎት ቀርቦ ሞቱን ማስታወቅና ማስረጃ የሚያቀርብበት ጊዜ እንዲሰጠው መጠየቅ ይገባዋል። ፍርድ ቤቱ በሰጠው ጊዜ ማንም ካልቀረበ መዝገቡ ሊዘጋ ይችላል።

ከመተካት ማመልከቻው ጋር የሚያያዙት ዋና ሰነዶች የሞት ምዝገባ የምስክር ወረቀትና ሥልጣን ካለው ፍርድ ቤት የተሰጠ የወራሽነት ማስረጃ ናቸው። በአዲስ አበባ የወራሽነት ማስረጃ የሚሰጠው በከተማው ፍርድ ቤቶች ነው። ማስረጃው ጊዜ ሊወስድ ስለሚችል፣ ማመልከቻው መቅረቡን የሚያሳይ የመዝገብ ቁጥር ይዞ ይግባኙን ለሚያየው ችሎት ማሳየት ይጠቅማል። አካለ መጠን ላልደረሱ ልጆች ሞግዚታቸው ይቀርባል። በውጭ አገር የሚኖር ወራሽ በኢትዮጵያ ኤምባሲ ወይም ቆንስላ በኩል ውክልና መስጠት ይችላል። የተተካው ወራሽ አዲስ ክስ አይጀምርም፤ ሟች የተወውን ክርክርም ማንሣት አይችልም።

የሞተው መልስ ሰጪው ከሆነ ሸክሙ በአብዛኛው በይግባኝ ባዩ ላይ ይወድቃል። የወራሾቹን ስምና አድራሻ አጣርቶ በሟች ምትክ መጥሪያ እንዲደርሳቸው ማመልከት አለበት።

ከሁሉ ይበልጥ ጥንቃቄ የሚያሻው ተረቺው ይግባኝ ሳያቀርብ ሲሞት ነው። በ1958 ዓ.ም. የፍትሐብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 323 መሠረት የይግባኝ ማቅረቢያው ጊዜ ፍርዱ ከተሰጠበት ቀን አንሥቶ 60 ቀን ነው። ጊዜው ካለፈ፣ ወራሹ ያገደው ምክንያት በተወገደ በ10 ቀን ውስጥ በጽሑፍ የማስፈቀጃ ማመልከቻ ማቅረብ ይችላል (ቁጥር 326)። ሞትና ሐዘን በማስረጃ ከተደገፉ ፍርድ ቤቱ የሚመዝናቸው ምክንያቶች ናቸው፤ የጠበቃ ወይም የወኪል ቸልተኝነት ግን በዚሁ ቁጥር እንደ በቂ ምክንያት አይቆጠርም።

ይግባኝ መቅረቡ በራሱ አፈጻጸምን እንደማያግድም ወራሾች ሊያውቁ ይገባል። ለሟች የተሰጠ የእግድ ትእዛዝ ካለ ጸንቶ መቆየቱን ከሬጅስትራር ጽሕፈት ቤት ማጣራት፣ ከሌለም ለመተካት ሲያመለክቱ እግዱን አብሮ መጠየቅ ያስፈልጋል። ፍርዱ በሟች ላይ ቢጸና እንኳ ወራሹ የሚጠየቀው በእጁ በገባው የውርስ ንብረት መጠን ነው፤ የራሱ ደመወዝ ወይም የራሱ ቤት ለሟች ዕዳ እንዲሸጥ ከተጠየቀ ይህንኑ ለአፈጻጸም ችሎቱ በመቃወሚያ ማቅረብ ይችላል።