እምቢ ያሉት ጢንዚዛዎች

የድሮ ተማሪዎቼ ታስታውሱ ይሆናል፤ የፊልም ታሪክ ትምህርቴን ሁሌ በጢንዚዛ ነበር የምጀምረው። ትናንት አንዳችሁ በውስጥ መስመር "ጋሼ፣ ለዶክመንተሪዬ የምቀርጸው ነገር እምቢ አለኝ" ስላለኝ ልድገመው።

በ1910 እ.ኤ.አ. ላዲስላስ ስታሬቪች በካውናስ፣ በዛሬዋ ሊትዌኒያ፣ የተፈጥሮ ታሪክ ሙዚየም ኃላፊ ነበር። የቀንዳም ጢንዚዛዎችን ፍልሚያ መቅረጽ ፈለገ። ጢንዚዛዎቹ ግን የሌሊት ፍጥረት ናቸው፤ መብራት ሲበራባቸው ድርቅ ይላሉ። ምን አደረገ? የሞቱትን ወስዶ እግራቸውን በሽቦና በሰም መልሶ ገጠመ፤ ትንሽ ትንሽ እያንቀሳቀሰ ፍሬም በፍሬም አነሳቸው። ፍልሚያው ነፍስ ዘራ!

በ1912 ደግሞ "የካሜራማኑ በቀል" በተባለው ፊልሙ፣ ፌንጣ ካሜራ ተሸክሞ የባለትዳር ጢንዚዛን ውስልትና ይቀርጻል። የሰለጠኑ ሕያው ነፍሳት የመሰሏቸው ተመልካቾችም ነበሩ።

"ታዲያ ይሄ ማታለል አይደለም?" ትሉኝ ነበር። መልሴ ያው ነው፦ ሰውየው ነፍሳትን አጥንቶ ስለሚያውቅ የሞተውን ማንቀሳቀስ ቻለ። ማታለል የሚሆነው የሠሩትን "እንዲሁ አገኘሁት" ሲሉ ነው።

አንተም ልጄ፣ መጀመሪያ የምትቀርጸውን ነገር እወቀው። ከዚያ እምቢ ካለህ ሥራው፤ እንደሠራኸው ግን አትደብቀን።